ድንጋዩ ለማን ነው?

«እንዲያው በሞቴ፣ አውርጅለት።»

ይህን ያሉኝ አሞክሳሲሊን ሊገዙ የገቡ፣ ከዚያ በፊት አይቻቸው የማላውቅ እናት ናቸው። የልጃቸውን የሐኪም ወረቀት ባንኮኒው ላይ ዘርግተው ሲያበቁ፣ ወረቀቱን ትተው የእኔን ፊት ማጥናት ጀመሩ።

«ምኑን ነው የማወርደው፣ እናቴ?»

«ድንጋዩን ነዋ! ዛሬ ሦስት ቀኑ እኮ ነው። ምነው፣ አንጀት የለሽም እንዴ?»

«በቀን ሦስት ጊዜ፣ ሰባት ቀን ሳያቋርጥ ይውሰድ» አልኳቸው መድኃኒቱን እያቀበልኩ። «ተሻለኝ ብሎ እንዳይተወው።»

«እሱስ ይወስዳል። ላንቺ ግን እግዜር ልብ ይስጥሽ» ብለውኝ ወጡ።

በዚያ ጠዋት እሳቸው አምስተኛዋ መካሪዬ ነበሩ። ከእሳቸው በፊት አንድ የባጃጅ ሾፌር፣ ሁለት የባንክ ሠራተኞችና አንድ ዲያቆን መክረውኛል። ሾፌሩማ ምንም ሳይገዛ ነው የወጣው።

ስሜ ሠናይት ነው። ደብረ ታቦር መናኸሪያ አጠገብ፣ አደባባዩን ፊት ለፊት በምታይ አንዲት ፋርማሲ እሠራለሁ። የፋርማሲው መስኮት ሰፊ ነው፤ ሥራ ስጀምር በጣም የወደድኩት እሱን ነበር። ከዚያች ሰኞ ወዲህ ግን በጋዜጣ ብሸፍነው ደስ ባለኝ። በመስኮቱ ትክክል፣ አደባባዩ መካከል፣ ይሻው ማጅራቱ ላይ ጥቁር ድንጋይ ተሸክሞ፣ በሁለት እጁ ደግፎት፣ ጎንበስ ብሎ ቆሟል። ጠዋት ሰው ሲወጣ ይሸከመዋል፤ ማታ ሰው ሲበተን ያስቀምጠዋል። በመካከሉ አይናገርም፣ አይቀመጥም፣ ውሃ እንኳ አይቀምስም።

በእኛ አገር ድንጋይ ተሸክሞ የቆመ ሰው ምን ፈልጎ እንደቆመ ሕፃን ልጅ ያውቃል። በድሏል፤ ይቅርታ ሊጠይቅ መጥቷል። ድንጋዩን የሚያወርድለት ደግሞ የተበደለው ሰው ብቻ ነው። ሌላው ቢነካው ነውር ነው፤ ባልተበደለበት «ይቅር» እንደማለት ይቆጠራል።

እግሩ ሥር ግን በካርቶን ላይ በወፍራም ቀለም እንዲህ የሚል ተጽፏል፦ «ይህን ድንጋይ ማንም ሰው ማውረድ ይችላል።»

የከተማው ሰው ጽሑፉን አነበበና ሳቀ። «ማንም ይላል እንዴ! ልጁ ከመማሩ ብዛት ወግ ጠፍቶበታል» አሉና፣ ካርቶኑን ወዲያ ብለው የተበደለውን ሰው ፍለጋ ጀመሩ። ፍለጋው ግማሽ ቀን አልፈጀም። በጥር የሆነውን የማያውቅ ሰው ደብረ ታቦር ውስጥ አልነበረማ።

* * *

በጥር የሆነውን ለመናገር ይሻውን ከመጀመሪያው ማስረዳት አለብኝ፤ እሱ ደግሞ ቀላል ሥራ አይደለም።

ይሻው የአንበሳሜ ገበሬ ልጅ ነው። አባቱ በልጅነቱ ሞተውበት እናቱ አርሰው አሳርሰው አስተማሩት። ትያትር አጥንቶ ተመለሰና እዚህ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አማርኛ ያስተምራል። ፈቃድ ሲያገኝና በበዓል ሰሞን ግን እሱ «ክዋኔ» የሚለውን፣ አባቴ «መቆም» የሚለውን ነገር ይሠራል። ሰው በተሰበሰበበት ቦታ አንድ ነገር ይይዛል፤ ከዚያ ሳይናገር ሳይነቃነቅ ሰዓታት ይቆማል። ሕጉ አንድ ነው። አንድ ሰው እንኳ እያየው ከሆነ አይተወውም። «ከሚያየኝ ሰው ጋር ቃል ኪዳን አለኝ» ይለኝ ነበር።

መጀመሪያ የወደድኩት እኔ ነኝ፤ አልክድም። የዛሬ ሁለት ዓመት ውሃ የሞላ እንስራ አቅፎ ቆሞ አየሁት። ለአምስት ደቂቃ ብዬ ቆምኩና አንድ ሰዓት ሙሉ ቆየሁ። ክንዱ ይንቀጠቀጣል፣ ውሃው ጠብ አይልም። ዓይኑ ዓይኔ ላይ ነበር። ከዚያ በፊት ማንም እንደዚያ፣ ምንም ሳይፈልግብኝ፣ አይቶኝ አያውቅም። ወደ ሥራዬ ስመለስ የማን መድኃኒት ለማን እንደሰጠሁ እንጃ፤ እመቤት የምትባለው የሥራ ባልደረባዬ ባትደርስ ኖሮ አንድ ሽማግሌ የወሊድ መከላከያ ይዘው ይሄዱ ነበር።

አባቴ አቶ ዓለምነው የታወቁ የእህል ነጋዴ ናቸው። ይሻው ሽማግሌ ሲልክባቸው የመጀመሪያ ጥያቄያቸው «ሥራው ምንድን ነው?» የሚል ነበር።

«መምህር ነው» አሉ ሽማግሎቹ።

«እሱንማ ሰምቻለሁ። አደባባይ ላይ የሚሠራውን ነው የምጠይቃችሁ።»

ሽማግሎቹ ተያዩ። «እሱማ... ይቆማል።»

«መቆምማ በሬዬም ይቆማል!»

ቢሆንም አባቴ ክፉ ሰው አይደሉም። «ልጁን ይዛችሁ ኑ፤ በዓይኔ አይቼ፣ በጆሮዬ ሰምቼ ልወስን» ብለው እሑድን ቀጠሩ። እሑድ ደረሰ። ሽማግሎቹ መጡ፣ አጎቶቼ መጡ፣ እናቴ ሦስት ቀን ስትደክምበት የከረመችው ምግብ ቀረበ። ለይሻው ከአባቴ ፊት ለፊት ወንበር ተቀመጠለት። ወንበሩ ባዶውን ዋለ።

ይሻው ባሕር ዳር ነበር። ቅዳሜ የጀመረው ክዋኔ እሑድ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ሊያልቅ ነው የተባለው፤ ከዚያ መኪና ይዞ ለምሳ ይደርሳል። ሦስት ሰዓት ሲሆን ተመልካቹ ሁሉ ሄደ፤ አንዲት ሴት ብቻ ቀረች። ተቀምጣ ታየዋለች። እስከ አሥር ሰዓት ተቀመጠች፤ እሱም እስከ አሥር ሰዓት ቆመ። ቦርሳው ውስጥ ስልኩ ይጮሃል። አሥራ አንድ ጊዜ የደወልኩት እኔ ነበርኩ።

አባቴ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ጠበቁና ተነሡ። «ብሉ፣ ጠጡ፣ ቤታችሁ ነው። እኔ ግን ልጄን ለሐውልት አልድርም» አሉ።

በማግሥቱ መጥቶ «ሴትየዋ ታለቅስ ነበር፤ እንዴት ጥያት ልሂድ?» አለኝ።

«እኔስ?» አልኩት።

ዝም አለ። ዝምታ እንደሆነ ያውቅበታል። ያቺን ፊቷን እንኳ አይቼው የማላውቀውን ሴት ከዚያን ቀን ጀምሮ እጠላታለሁ። የእሷ ዓይን ሰባት ሰዓት ሙሉ ሲያቆመው፣ የእኔ ዓይን መንገድ መንገዱን ሲያይ ነው የዋለው።

* * *

«እኔ ብሆን» አለች እመቤት፣ ሦስተኛው ቀን ላይ በመስኮቱ እያየች፣ «መጀመሪያ አወርደውና በዚያው ድንጋይ እመታው ነበር።»

አልሳቅኩም። እመቤት የማታውቀው አንድ ነገር መሳቢያዬ ውስጥ ነበር።

ከጥር ወዲህ ይሻው አራት ደብዳቤ ጽፎልኛል። ሦስቱን ሳልከፍት መልሼለታለሁ። አራተኛው ክዋኔው ሊጀመር ሁለት ቀን ሲቀረው መጣ፤ ምን እንደነካኝ እንጃ ከፈትኩት። ሦስት ገጽ ነው። በጥር ለሆነው ይቅርታ ይጠይቀኛል ብዬ እያንዳንዱን መስመር ሁለት ሁለቴ አነበብኩ። «ይቅርታ» የሚል ቃል የለበትም። ያለው ይኼ ነው፦

«ሰኞ ጠዋት አደባባዩ ላይ ድንጋይ ተሸክሜ እቆማለሁ፤ የማላውቀውና የማያውቀኝ ሰው መጥቶ ሸክሜን እስኪያወርድልኝ ድረስ። ሰው ለማያውቀው ሰው ሸክም እጁን ይዘረጋል ወይ? ጥያቄዬ ይኼ ነው። መጥተሽ ብታዪልኝ ደስ ይለኛል።»

የአንበሳሜ ልጅ! ጎረቤት ከጎረቤት ሲታረቅ ድንጋይ ሲወርድ እያየ ያደገ ልጅ! ዩኒቨርሲቲ አራት ዓመት ቢቀመጥ ድንጋይ ሸክም ብቻ መሰለው። የማያውቀው ሰው እንዲያወርድለት ይጠብቃል፤ የማያውቀው ሰው ደግሞ ወግ አክብሮ እኔን ይጠብቃል። እሱ «ሰው ጨካኝ ነው» እያለ ይሆናል፤ ሰው «ሠናይት ጨካኝ ናት» ይላል። በዚህ ሁሉ መካከል የተጨነቅኩት እኔ ነኝ።

ለእኔ እንዳልሆነ የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ። እንዳልናገር፣ ሁለት ጊዜ የተናቅኩ መሆኔን ከተማው ይወቅልኝ ማለት ነው። ሄጄ እንዳላወርድ፣ ታረቁ ተብሎ እልል ሊባል ነው፤ እሱ ያልጠየቀኝን ይቅርታ ልሰጠው ነው። ዝም እንዳልል፣ አንገቱን እያየሁት ነው። ረቡዕ ከሰዓት ከድንጋዩ ሥር ያጠፈው ነጠላ ደም ነክቶት ነበር። የሽያጭ ደረሰኝ እየጻፍኩ ሁለት ጊዜ እስክሪብቶ ጣልኩ።

ማታ ራት ላይ አባቴ ጉዳዩን አነሡት።

«ያ ልጅ አሁንም ቆሟል?»

«ቆሟል፣ አባዬ።»

«የተሸከመው ለእኔ ነው?»

«አላውቅም።»

አባቴ እጃቸውን በፎጣ ጠረጉ። «እኔ ነኝ የማውቅልሽ። ለእኔ ቢሆን ደጄ የታወቀ ነው። አደባባይ ላይ ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው ይቅርታውን የሚጠይቀው አደባባዩን ነው። ከሞኝ ደጃፍ ሞፈር ይቆረጣል፤ እኔ ሞኝ አይደለሁም፣ አንቺም አትሁኚ።»

እናቴ ቀና ብላ አየችኝ። ያን ማታ በቤታችን ውስጥ ልክ የነበሩት አባቴ ብቻ ናቸው። ልክ መሆናቸው ግን አልረዳኝም፤ ትራሴን ነክሼ አለቀስኩ።

* * *

ሐሙስ ምሳ ሰዓት ላይ ጋውኔን ሳላወልቅ፣ ለሕመም የሚቀባ ቅባት ኪሴ ውስጥ ከትቼ አደባባዩን ተሻገርኩ።

ሰው ሲያየኝ መንገድ ከፈተልኝ። «መጣች! መጣች!» ይላሉ። ሴቶቹ ነጠላቸውን አስተካከሉ፤ ለእልልታ መሆኑ ገብቶኛል።

ፊቱ ቆሜ አየሁት። ከንፈሩ ደርቋል። ጉንጩ ገብቷል። ጎንበስ እንዳለ ዓይኑን ብቻ ወደ እኔ አነሣ፤ ያው የእንስራው ቀን ዓይን ነው። አሳዘነኝ፤ ስላሳዘነኝም ተናደድኩ።

«ይሻው» አልኩት ሰው እንዳይሰማኝ ቀስ ብዬ። «ለእኔ ነው?»

ዝም።

«መናገር አትችልም፣ ይገባኛል። ራስህን ነቅንቅልኝ። ለእኔ ከሆነ ወደ ታች፣ ካልሆነ ወደ ጎን። ሌላ ምንም አልፈልግም።»

አልነቀነቀም። ዓይኑ ብዙ ነገር ይላል፤ እኔ ግን ዓይን ማንበብ ሰልችቶኛል። ሁለት ዓመት አንብቤ የደረስኩት ባዶ ወንበር ላይ ነው።

«አንድ ጊዜ! አንድ ጊዜ እንኳ ከዚህ ከጨዋታህ አስበልጠኝ!»

ድምፄ ሳላስበው ከፍ ብሎ ነበር። ከኋላዬ አንዲት ትዕግሥት የሌላት ሴት የታረቅን መስሏት «እልልል» ማለት ጀመረች። ዘወር ብዬ ሳያት ግማሽ ላይ ቆረጠችው። ቅባቱን ካርቶኑ ላይ ወርውሬ በመጣሁበት ተመለስኩ። ማንም መንገድ አልከፈተልኝም፤ በትከሻዬ እየገፋሁ ነው የወጣሁት። የተቆረጠችው እልልታ ማታ እስክተኛ ከጆሮዬ አልወጣችም። ያፈርኩት ግን በሕዝቡ ፊት ስለተዋረድኩ አልነበረም፤ ራሱን ወደ ታች ቢነቀንቅ ኖሮ እዚያው አቅፌው አለቅስ እንደነበር ስላወቅኩ ነው።

* * *

ስድስተኛው ቀን ገበያ ነበር። ከእብናት፣ ከአንበሳሜ፣ ከየገጠሩ የመጣ ሰው አደባባዩን ሞላው። አራት ሰዓት ገደማ አንድ ረጅም ሽማግሌ ዱላቸውን ይዘው ፋርማሲው ውስጥ ገቡ። አያ ሙላቴ ይባላሉ፤ ስማቸውን የነገሩኝ ከመቀመጣቸው በፊት ነው።

«ከእብናት ነው የመጣሁ። አንዲት በቅሎ ልሸጥ ነበር። ከንጋት ጀምሬ እዚያ ልጅ ፊት ቆሜ በቅሎዋንም ረሳኋት» አሉ። «የበደልከው ማንን ነው ብለው አይመልስ። ሰዉን ብጠይቅ ወዲህ ጠቆመኝ። አንቺ ነሽ የተበደልሽው?»

«አይደለሁም።»

«ማን ነው ታዲያ?»

«ማንም!»

«ማንም?» አሉ አያ ሙላቴ፣ ዱላቸውን ተመርኩዘው። «ልጄ፣ እኔ ሰባ ዓመት ኖሬያለሁ። ሰው ለማንም ድንጋይ ሲሸከም አላየሁም። እንቢ ካልሽም እንቢ በይውና ይሂድ። እንዲህ ሰው አንጠልጥሎ መተው ግን ከክርስቲያን አይጠበቅም።»

እዚህ ላይ ነው የሞላው የፈሰሰው። ስድስት ቀን መከሩኝ፣ ረገሙኝ፣ ጸለዩልኝ። መሳቢያውን ስቤ ደብዳቤውን አወጣሁ። እመቤት «ተይ ሠናይት!» ስትል ሰምቻታለሁ። አልተውኩም። አደባባዩን በሩጫ ተሻግሬ ከይሻው ጎን ቆምኩና ወደ ሕዝቡ ዞርኩ።

«ስሙ! ስድስት ቀን አውርጂ አላችሁኝ። የራሱን ጽሑፍ ላንብብላችሁ!»

አነበብኩት። «የማላውቀውና የማያውቀኝ ሰው መጥቶ ሸክሜን እስኪያወርድልኝ ድረስ» የሚለውን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። «ይኸውላችሁ! ስለ እኔ የሚል አለ? ይቅርታ የሚል አለ? ይህ ሰው ማንንም አልበደለም። ሊታይ ነው የቆመው። እናንተ ተመልካቾቹ ናችሁ፤ እኔ ደግሞ በጥርም አሁንም ምንም አይደለሁም!»

ገበያ መሆኑን ሰው የረሳ ይመስል ጸጥ አለ። እኔ ራሴን ሰማሁት። «ምንም አይደለሁም» ያልኩት ለሕዝቡ ነበር፤ ያመመው ግን እኔን ነው።

ጸጥታውን የሰበሩት አያ ሙላቴ ናቸው። ቀስ ብለው ከኋላዬ ደርሰው ነበር።

«እንግዲህ እንዲህ ከሆነማ ነገሩ ቀላል ነው» አሉ። «የተበደለ ከሌለ ይኼ ሸክም ብቻ ነው። ሸክምማ ማንም ያወርዳል። እኛ እኮ ሳንረዳው ነው ልጁን የጨረስነው!»

ዱላቸውን አጠገባቸው ላለ ሰው ሰጡ። ጋቢያቸውን ወደ ትከሻቸው መለሱ። መዳፋቸውን እፍ እፍ ብለው ወደ ይሻው ተጠጉ። ስድስት ቀን የጠበቀው ሰው ይኸው መጣ፤ የማያውቀው ሰው፣ እጁን የዘረጋ ሰው። ደብዳቤው ላይ እንዳለው ሊሆንለት ነው። አያ ሙላቴ ሁለት እጃቸውን ወደ ድንጋዩ ዘረጉ።

«አይንኩት!»

የማን ድምፅ እንደሆነ መጀመሪያ አላወቅኩም። የሻከረ፣ የደረቀ ድምፅ ነው። ይሻው ተናገረ። መቶ ሰው እያየው፣ ገበያው ሁሉ እያየው፣ ተናገረ።

«ተዉት አባቴ። የበደልኩት አንቱን አይደለም።»

አያ ሙላቴ እጃቸውን ሰበሰቡ። ይሻው ከነድንጋዩ ወደ እኔ ዞረ፤ መዞሩ ራሱ ጊዜ ወሰደበት።

«ደብዳቤው ልክ ነው፣ ሠናይት። ሰኞ ድንጋዩን ሳነሣው ላንቺ አልነበረም።» ምራቁን ዋጠ። «ማክሰኞ አንዲት እናት ፊቴ ቆመው ‹ማንን በድለህ ነው ልጄ?› አሉኝ። ከዚያ ሌላ ሰው ጠየቀኝ። ከዚያ ሌላ። በቀን መቶ ሰው ያንኑ ይጠይቀኛል። አለመመለስ እችላለሁ፤ መልሱን አለማወቅ ግን አቃተኝ። እኔ ሊያዩኝ የመጡ መስሎኝ ነበር። እነሱ ሊጠይቁኝ ነው የመጡት።»

«ሐሙስ ጠየቅኩህ» አልኩት። ድምፄ ተሰበረ። «ራስህን መነቅነቅ አቃተህ?»

«ፈራሁ። ላንቺ ነው ብልሽ ሲጀመር ላንቺ አልነበረም። አይደለም ብልሽ ሌላ ውሸት ነው።» ክንዱ መንቀጥቀጥ ጀምሯል። «በጥር ስልኩን እሰማው ነበር። አሥራ አንዱንም ሰምቻለሁ። ሴትየዋን ትቼ ብሄድ ትጎዳለች አልኩ፤ አንቺ የምትጎጂ አልመሰለኝም፤ የራሴ ነሽ ብዬ። በድዬሻለሁ። አባትሽንም በድያለሁ። ይኸው ሰው ሁሉ እያየኝ ተናገርኩ፤ ክዋኔው ፈርሷል። ይፍረስ።»

ልመታው ፈለግሁ። ላቅፈው ፈለግሁ። አራት ወር ሙሉ የጠበቅኩትን ቃል ስሰማ እንዲህ በድካም የተሞላ ይሆናል ብዬ አልገመትኩም ነበር። እንባዬ ጋውኔ ላይ ይንጠባጠባል፤ አልጠረግሁትም።

ተጠግቼ ሁለት እጄን ከድንጋዩ በታች አስገባሁ። ፀሐይ አግሎታል። ትንሽ ከፍ ሳደርገው ከጠበቅኩት በላይ ከበደኝ፤ ስድስት ቀን በመስኮት ሳየው ክብደቱን የማውቀው መስሎኝ ነበር።

«ይቅር ለእግዚአብሔር» አልኩት።

እልልታው ፈነዳ። አሁን የሚያቋርጠው አልነበረም። ባጃጆች ጥሩንባ ነፉ፤ እመቤት በመስኮቱ ግማሽ ሰውነቷን አውጥታ ታጨበጭባለች። ይሻው ዓይኑን ጨፍኖ ድንጋዩን እስካወርድለት ይጠብቃል።

እጄን አወጣሁ።

«አታውርደው» አልኩት።

እልልታው ረገበ። ይሻው ዓይኑን ገለጠ።

«የእኔን ነው ይቅር ያልኩህ። አባቴን አደባባይ ላይ አልበደልካቸውም፤ ቤታቸው ነው የበደልካቸው። ደጃቸው ደግሞ የታወቀ ነው።»

አያ ሙላቴ ዱላቸውን ተቀብለው መሬቱን ጠቅ አደረጉት። «እሰይ! ወግ የምታውቅ ልጅ!» አሉ። ከዚያ የሚከተለውን ሰው በዱላቸው እየመለሱ፣ «ዘወር በሉ! ሰው ደጅ ሊጠኑ ነው የሚሄዱት። ከዚህ በኋላ ያለው አይታይም!» እያሉ ይጮሁ ጀመር።

* * *

የእኛ ቤት ከአደባባዩ ወደ ላይ፣ ዳገቱን ጨርሶ ነው። ግማሹን ሳንወጣ የግንቦት መጨረሻ ዝናብ ወረደብን። መንገደኛው ሁሉ በየሱቁ በረንዳ ገባ፤ ከዚያም በረንዳ ያለው ሱቅ አለቀ፤ ዳገቱ ላይ እኔና እሱ ብቻ ቀረን። ውሃው በጭቃው ላይ ይወርዳል። ይሻው ሁለት ጊዜ አንሸራተተው። በሁለተኛው ጊዜ በጉልበቱ ሊወድቅ ሲል ክንዱን ያዝኩት።

«አውርደውና ትንሽ እረፍ» አልኩት። «ደጃችን ስንደርስ መልሰህ ትሸከመዋለህ። ማንም እኮ አያይህም።»

ቆመ። ዝናቡ ከቅንድቡ ላይ ይንጠባጠባል።

«አንቺ አለሽ» አለኝ።

ያቺ የባሕር ዳሯ ሴት ትዝ አለችኝ። አራት ወር ስጠላት የከረምኩት አንዲት ሴት ብቻዋን አይታው ስላቆመችው ነበር። አሁን እኔም ብቻዬን አየዋለሁ። አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ቀረሁና ዓይኔን ሳልነቅልበት ተከተልኩት። ተናድጄበት እንደሆነ እንጃ፤ እወደው እንደሆነ ግን አልጠራጠርም።

የቆርቆሮ በራችን ጋ ስንደርስ አንኳኳሁ።

«ማን ነው?» አሉ አባቴ ከውስጥ።

ሌላ ቀን ቢሆን «እኔ ነኝ አባዬ» እል ነበር። ዝም አልኩ። በዚህ ነገር ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ዝም ማለት የእኔ ተራ ሆነ።

«ማን ነው?» አሉ ደግመው።

«ይሻው ነኝ፣ አቶ ዓለምነው» አለ። ድምፁ ከዝናቡ በላይ ለመሰማት ታገለ። «ዘግይቼ መጣሁ።»

 ቆይቶ የአባቴ ኮቴ ወደ በሩ ሲመጣ ሰማሁ፤ አይቸኩሉም፣ መቼም ቸኩለው አያውቁም። የይሻው ክንድ እየዛለ ነበር። እጄን ከድንጋዩ ሥር አስገብቼ አብሬው ያዝኩት።